ሙስጠፋ አላሳን፦ ጉርጥን ፕሬዚዳንት ያደረገው ኒጀራዊ

(በአንድ የፊልም ምሽት ላይ የቀረበ ንግግር፤ ለንባብ እንዲመች ተስተካክሎ የተጻፈ)

እንደምን አመሻችሁ? በዚህ ዝናብ ስለመጣችሁ ከልብ አመሰግናለሁ።

የዛሬው ሰው ሙስጠፋ አላሳን ነው። ኒጀራዊ የፊልም ዳይሬክተርና የአኒሜሽን ባለሙያ። በ1942 ተወለደ፣ በ2015 አረፈ። ዛሬ የምጠራቸው ዓመታት፣ ለይቼ ካልተናገርኩ በቀር፣ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

ስለ አላሳን የተጻፈ ነገር ከፈለጋችሁ መጀመሪያ የምታገኙት አንድ ማዕረግ ነው፦ «የመጀመሪያው አፍሪካዊ የአኒሜሽን ሠሪ»። ይህን ማዕረግ ብዙም አልወደውም። ለምን እንደሆነ ልንገራችሁ።

አንደኛ ነገር፣ ልክ አይደለም። ግብፅ ውስጥ ፍሬንኬል የሚባሉ ወንድማማቾች «ሚሽ ሚሽ ኤፈንዲ» የሚባል ገጸ ባሕርይ ፈጥረው በ1936 የካርቱን ፊልም አሳይተዋል። አላሳን ያኔ ገና አልተወለደም። «ከሰሃራ በታች» ብለን እናጥብበው ካላችሁ እስማማለሁ፤ እዚያ ከፊቱ የሚቀድም ሰው ማግኘት ከባድ ነው።

ሁለተኛው ምክንያት ይበልጥ ያሳስበኛል። አንድ ሰው «የመጀመሪያው» ከተባለ በኋላ ሥራውን የሚያየው ይጠፋል። ስሙ መጽሐፍ ላይ ይሰፍራል፤ ተማሪ ለፈተና ይሸመድደዋል፤ ፊልሙን ግን ማንም አይከፍተውም። አላሳን ላይ የደረሰው ይኼ ነው። እኔ ዛሬ ማውራት የምፈልገው ስለ ሥራው ነው። እጁ ምን እንደሚችል፣ ሰዉን እንዴት እንደሚያይ፣ ሳቅን ለምን እንደሚጠቀምበት።

ያደገው ኒጀር ነው። ልጅ እያለ ሲኒማ የሚባል ነገር በወጉ ሳያውቅ በፊት፣ በመብራትና በጥላ ለሰፈሩ ሰው ትዕይንት ያሳይ ነበር። ከሲጋራ ፓኮ ላይ የሚወጣውን ሴሎፎን ይወስዳል። እላዩ ላይ ይስላል፣ ቀለም ይቀባል። በብርሃን ግድግዳ ላይ ያወጣዋል። የሚያስተምረው ሰው አልነበረም። የተንቀሳቃሽ ምስልን ዘዴ ራሱ በራሱ ደርሶበታል።

ከዚያ የተማረው ሥዕል አይደለም፣ ሜካኒክነት ነው። ይኼን ነገር ልብ በሉልኝ። በኋላ የሠራቸውን አሻንጉሊቶች ስታዩ የሜካኒክ እጅ መሆኑ ያስታውቃል። መገጣጠሚያው፣ ማጠፊያው፣ ክብደቱ የት እንደሚያርፍ። አንድ ነገር እንዴት እንደሚንቀሳቀስ የሚያውቀው ፈትቶ ገጥሞ ነው።

ኒጀር ነጻ የወጣችው በነሐሴ 1960 ነው። በዋና ከተማዋ በኒያሜ ውስጥ በዚያን ጊዜ ሙዚየም እና የምርምር ተቋም ነበር። ተቋሙን የሚመራው ፈረንሳዊው ዣን ሩሽ ነው። ሩሽ መጀመሪያ ኒጀር የመጣው በ1941 የመንገድ መሐንዲስ ሆኖ ነው፤ በኋላ ወደ ሰው ልጅ ጥናትና ወደ ፊልም ገባ። አላሳን እዚያ ተቋም ውስጥ ካሜራ መያዝና ፊልም መቁረጥ ተማረ። መሐንዲሱና ሜካኒኩ ተገናኙ ማለት ነው።

ሩሽ አከራካሪ ሰው ነው። ሴኔጋላዊው የፊልም ዳይሬክተር ኡስማን ሴምቤን በ1965 ፊት ለፊት ቁጭ ብሎ፣ አፍሪካውያንን እንደ ነፍሳት ነው የምትመለከቱን ብሎ ወቅሶታል። ወቀሳው መሠረት አለው። ግን ሩሽ ካሜራውን ለሌላ ሰው ማቀበል ያውቅ ነበር። ኡማሩ ጋንዳ በሩሽ ፊልም ላይ ተዋናይ ሆኖ ጀምሮ በኋላ ራሱ ትልቅ ዳይሬክተር ወጣው። አላሳንም እንደዚሁ። ሩሽ መንገድ ከፈተለት፤ የሄደበት ግን ሩሽ ሄዶበት የማያውቅ መንገድ ነው።

ነገሩ ቀላል እንዳይመስላችሁ። በፈረንሳይ ቅኝ ግዛቶች ውስጥ ከ1934 ጀምሮ የላቫል ድንጋጌ የሚባል ሕግ ነበር። ያለ ገዥው ፈቃድ ማንም ፊልም ማንሳት አይችልም። አፍሪካውያን የገዛ አገራቸውን እንዳይቀርጹ በር የዘጋ ሕግ ነው። በ1955 አፍሪካውያኑ ፖላን ቪየራና ጓደኞቹ ፊልም መሥራት ሲፈልጉ የት ሄደው ሠሩ? ፓሪስ። አገራቸው ውስጥ አልተቻለማ። እንግዲህ አላሳን በ1962፣ ነጻነት በተገኘ በሁለት ዓመቱ፣ ኒጀር ወንዝ ዳር የሚኖሩ የዛርማ ወጣቶችን ጋብቻ ቀርጾ «አውሬ» (Aouré፤ የአማርኛው አውሬ አይደለም) የሚለውን አጭር ፊልም ሠራ። ሴምቤን «ቦሮም ሳሬት»ን የሠራው በቀጣዩ ዓመት ነው። በብዙ መጻሕፍት የአፍሪካ ሲኒማ ከሴምቤን ይጀምራል። ሴምቤን ታላቅ ነው፤ ቦታውን ማንም አይነካበትም። የኒጀሩ ልጅ ግን አንድ መስመር እንኳ ሳይሰጠው ሲታለፍ ያናድደኛል።

ከዚያ ካናዳ ሄደ። ኖርማን ማክላረንን አገኘ። ማክላረን በትውልዱ ስኮትላንዳዊ ነው፤ በካናዳ ብሔራዊ የፊልም ቦርድ ውስጥ ዕድሜውን ሙሉ ሙከራ ሲያደርግ የኖረ ሰው። ካሜራ የሚባል ነገር ሳይነካ፣ በቀጥታ ፊልሙ ላይ በብዕርና በቀለም ይስል ነበር። ሰዎችንም እንደ አሻንጉሊት አንድ አንድ ፍሬም፣ ማለትም አንድ አንድ ነጠላ ምስል፣ እያነሳ አንቀሳቅሷል። ሁለት ጎረቤታሞች በአንዲት አበባ የሚፋጁበት የ1952ቱ ፊልሙ ኦስካር አስገኝቶለታል። ለአላሳን እንዲህ ያለ አስተማሪ ማግኘት ትልቅ ዕድል ነበር። ማክላረን ያስተማረው ትልቅ ስቱዲዮ እንደማያስፈልግ ነው። ጠረጴዛ፣ መብራት፣ እና ትዕግሥት። ኒጀር ውስጥ ከሦስቱ የማይገኝ የለም።

ውጤቱ በ1965 መጣ። «የጋንጂ ሞት» የሚል የካርቱን ፊልም። ጋንጂ ጭራቅ ነው፤ ታሪኩ የሚካሄደው በጉርጦች ንጉሥ ቤተ መንግሥት ነው። በሚቀጥለው ዓመት ደግሞ ቅድም ያየነው «ቦን ቮያዥ ሲም»፣ ማለትም «መልካም ጉዞ ሲም» ተከተለ።

እዚህ ላይ ትንሽ ልቆይ። ፊልሙ አምስት ደቂቃ ገደማ ነው። በሰከንድ 24 ፍሬም ነው። አምስት ደቂቃ 300 ሰከንድ ነው። ስታባዙት 7,200 ፍሬም ይመጣል። አንዱን ሥዕል ሁለት ሁለት ጊዜ እያነሳህ ብትቆጥብ እንኳ 3,600 ይሆናል። ዛሬ ኮምፒውተር መሃል ያሉትን ሥዕሎች ራሱ ይሞላልሃል። ያኔ እያንዳንዱን በእጅ ነው። እዚህ አኒሜሽን የምትማሩ ልጆች እንዳላችሁ አውቃለሁ። ቁጥሩን የጠራሁት ለእናንተ ነው።

ታሪኩን አይታችሁታል። ሲም የጉርጦች ሪፐብሊክ ፕሬዚዳንት ነው። የጎረቤት አገር ይጋብዘዋል። ይሄዳል። ሽር ጉድ ይባልለታል፣ ይታጀባል፣ ይጨበጨብለታል። ሲመለስ ወንበሩ የለም። የገዛ ሕዝቡ አንስቶ ውሃ ውስጥ ይወረውረዋል።

ለምን ጉርጥ? ሁለት መልስ አለኝ። የመጀመሪያው የእጅ ሥራ ነው። ጉርጥ ለሠዓሊ ትመቻለች። አንገት የላትም፤ አፏ ሰፊ ነው፤ ዓይኗ ወጣ ያለ ነው። በሦስት መስመር ትሠራለች። ስትቀመጥ ደግሞ ሆዷን ዘርግታ ነው። ኮት አልብሱት፣ ባለሥልጣን ሆነ አለቀ። ሰው ብትስሉ ግን ተመልካች ወዲያው «ማንን ይመስላል?» ይላል። መልኩን ሲፈልግ ታሪኩ ያመልጠዋል። ሁለተኛው መልስ እዚህ ላይ ይመጣል። ጉርጥ ማንንም አትመስልም፤ ስለዚህ ሁሉንም ትመስላለች።

የወቅቱን ካርታ አስቡት። በ1963 የቶጎው ፕሬዚዳንት ተገደሉ። በ1965 መጨረሻ ዳሆሜ፣ የዛሬዋ ቤኒን፣ ወታደር ሥልጣን ያዘ። ጥር 1966 ኦት ቮልታ፣ የዛሬዋ ቡርኪና ፋሶ። እዚያው ጥር ላይ ናይጄሪያ። ዳሆሜ፣ ኦት ቮልታ፣ ናይጄሪያ፤ ሦስቱም ኒጀርን የሚዋሰኑ አገሮች ናቸው። የካቲት 1966 ደግሞ የጋናው ክዋሜ ንክሩማ ወደ ሃኖይ ሲጓዙ ቤጂንግ ላይ መንግሥታቸው እንደተገለበጠ ሰሙ። ከጉዞ ሳይመለሱ ወንበር አጡ። አላሳን የማንንም ስም አልጠራም። መጥራትም አላስፈለገውም።

የእኛ አገር ተመልካች ይኼን ፊልም ሲያይ ሌላም ነገር ያስታውሳል። በእኛ አቆጣጠር ታኅሣሥ 1953 ዓ.ም. ንጉሠ ነገሥቱ ብራዚል ለጉብኝት ሄደው ሳለ ክብር ዘበኛው መነሳቱን። የታኅሣሡ ግርግር ከሸፈ፤ ንጉሡ ተመልሰው ወንበራቸው ላይ ተቀመጡ። የሲም ዕጣ አልደረሰባቸውም። ነገሩ ግን ምን ያህል የዘመኑ ሰው ሁሉ የሚያውቀው እንደነበር ያሳያል። መሪ ጉዞ ሲሄድ ቤት ውስጥ ምን ይሆናል የሚለው ጥያቄ ከአንድ አገር በላይ ነበር።

እኔን የሚገርመኝ ደግሞ ሕዝቡ ነው። ብዙ የፖለቲካ ሥላቅ ሕዝቡን ንጹሕ፣ መሪውን ክፉ አድርጎ ያስቀምጣል። አላሳን እንዲህ አያደርግም። ሲም ክፉ መሆኑን ምኑም አያሳየንም። ሲም የሚወደው ሽር ጉዱን ነው፤ ሕዝቡም ሽር ጉዱን ይወዳል። ሲሄድ የሸኘውም፣ ሲመጣ የወረወረውም ያው ሰው ነው። አላሳን ሁለቱንም በእኩል ዓይን ያያል። ያኔ የ24 ዓመት ልጅ ነበር፤ በዚያ ዕድሜ እንዲህ ማየት ብርቅ ነው።

ኒጀር ራሷ ከፊልሙ ስምንት ዓመት በኋላ፣ በሚያዝያ 1974፣ የመጀመሪያዋን መፈንቅለ መንግሥት አየች። ወደዚያ እመለሳለሁ።

በዚያው 1966 አላሳን ሌላ ፊልም ሠራ። ይኼኛው ካርቱን አይደለም። «የጀብደኛው መመለስ» ይባላል፤ ግማሽ ሰዓት ትንሽ የሚያልፍ ርዝመት አለው። ለእኔ ትልቁ ሥራው ይኼ ነው።

ጂሚ የሚባል ወጣት ከአሜሪካ ወደ መንደሩ ይመለሳል። ሻንጣውን ይከፍታል። ከውጭ የመጣ ዘመድ ሻንጣ ሲከፍት ምን እንደሚመስል ለእናንተ ማስረዳት የለብኝም። ሁሉም ይከባል፤ ሁሉም የራሱን ድርሻ ይጠብቃል። ከጂሚ ሻንጣ የሚወጣው የካውቦይ ልብስ ነው። ኮፍያ፣ ቀበቶ፣ ሽጉጥ። ለጓደኞቹ ያድላል። ልጆቹ ይለብሱና ስማቸውንም ይለውጣሉ። ፈረስ ይጋልባሉ፣ ሜዳው ላይ ከቀጭኔዎች ኋላ ይሮጣሉ። መጀመሪያ ጨዋታ ነው። ቀስ እያለ ድብድብ፣ ከዚያ ስርቆት ይሆናል። ሽማግሌዎቹ ግራ ይገባቸዋል። መንደሩ ይታመሳል።

ይኼን ፊልም «የምዕራባውያንን ባህል መኮረጅ ጎጂ ነው» ብሎ መተርጎም ይቻላል። ብዙዎች እንደዚያ አድርገውታል። እኔ ደጋግሜ ሳየው ሌላ ነገር ይታየኛል። አላሳን የካውቦይ ፊልም ይወዳል! ካሜራውን የት እንደሚያስቀምጥ፣ ፈረሱ ከየት በኩል እንደሚገባ፣ ቡጢው መቼ እንደሚያርፍ፣ ጠንቅቆ ያውቃል። የዚያ ዘመን የምዕራብ አፍሪካ ወጣት ከተማ ሲኒማ ቤት ሲገባ የሚያየው ይኼንኑ ነበር። ኡማሩ ጋንዳ የተጫወተበት የሩሽ የ1958 ፊልም ላይ አቢጃን የሄዱ ኒጀራውያን ስደተኞች በአሜሪካ ተዋንያን ስም ነው የሚጠራሩት። እንግዲህ አላሳን ወጣቶቹን ከላይ ሆኖ አይቆጣም። ከውስጣቸው ነው። ደስታቸውን ያሳየናል፤ ደስታው የት ላይ እንደሚበላሽም ያሳየናል። ልብሱን ስትለብሰው ልብሱም አንተን እንደሚለብስህ።

ሰርዥ ሞአቲ የተባለ ወጣት ፈረንሳዊ ፊልሙ ሲሠራ እዚያው ሆኖ ስለ ቀረጻው ዘጋቢ ፊልም ሠርቷል። ስሙ «ካውቦዮቹ ጥቁር ናቸው» ነው። ሁለቱን አብራችሁ ካያችሁ ምን ያህል በእጅ በተገኘ ነገር እንደተሠራ ትረዳላችሁ።

ከካውቦዮቹ መሃል አንዲት ሴት አለች። ዛሊካ ሱሌ። ያኔ ገና በሃያ ዓመቷ ዋዜማ ላይ ነበረች። ሱሪ ታጥቃ፣ ኮፍያ ደፍታ፣ ከወንዶቹ እኩል ትጋልባለች። ከእነሱ የምታንስበት አንድም ቦታ የለም። ዓይን የምትይዘው እሷ ነች። ዛሊካ ከዚያ በኋላ በአላሳንም በጋንዳም ፊልሞች ላይ ሠርታለች፤ ከአፍሪካ የመጀመሪያዎቹ ባለሙያ የፊልም ተዋናዮች አንዷ ናት። የተከፈላት ግን ምንድን ነው? ስድብ። በፊልም የምትጫወተውን ሁሉ ኑሮዋ አድርገው አወሯት። ፊልም የምትሠራ ሴት ባለጌ ናት ተባለ። ኒጀራዊቷ ራህማቱ ኬይታ በ2004 ስለ ዛሊካ ዘጋቢ ፊልም ሠራች። እዚያ ላይ ዛሊካን በችግር ስትኖር እናያታለን። በክብር ልትጦር የሚገባት ሴት! ዛሊካ በ2021 አረፈች። ስለ አላሳን ሲወራ እሷ ሳትነሳ መታለፍ የለባትም።

ከ1970 በኋላ ያሉትን ፊልሞች ቶሎ ልለፍ። በ1972 «ሴት፣ መኪና፣ ቪላ፣ ገንዘብ» የሚል ረጅም ፊልም ሠራ። አንድ ተራ የቢሮ ሠራተኛ ከደመወዙ በላይ እንዲኖር ዘመድም፣ ጓደኛም፣ ውዳሴ ዘፋኙም ይገፋዋል። መጨረሻው የመንግሥት ገንዘብና እስር ቤት ነው። ጥሩ ፊልም ነው፤ ግን መልእክቱ ትንሽ ጮክ ይላል።

«ቱላ» ግን ሌላ ነው። 1973። ከአና ሶሪንግ ጋር አብረው የሠሩት ነው። ታሪኩ የተወሰደው ከቡቡ ሃማ ነው። ቡቡ ሃማ ደራሲና የታሪክ ሰው፣ በዚያ ላይ የኒጀር ብሔራዊ ምክር ቤት ፕሬዚዳንት ነበር። ድርቅ ገብቷል። ዝናብ እንዲመጣ ለውሃው መንፈስ አንዲት ልጅ መሰዋት አለባት ተባለ። ልጅቷ ቱላ ናት። የሚወዳት ወጣት ውሃ ፍለጋ ይወጣል። ውሃ አግኝቶ ሲመለስ ቱላ የለችም።

ይኼ ፊልም የተሠራው እውነተኛ ድርቅ መሃል ነው። ከ1968 ጀምሮ ሳህል፣ ከሰሃራ በረሃ በስተደቡብ ያለው ምድር፣ ደርቆ ነበር። ከብቱ አልቋል። ሰው ከተማ ዳር ሰፍሯል። በሚቀጥለው ዓመት ሚያዝያ ኮሎኔል ሴይኒ ኩንቼ የሃማኒ ዲዮሪን መንግሥት ሲገለብጥ አንዱ ምክንያት የዕርዳታ እህል አያያዝ ነበር። እኛ አገርስ? ያው ዓመት የወሎ ረሃብ ነው። ረሃቡ ተደበቀ፤ ከዚያ ተጋለጠ፤ መስከረም ላይ ዘውዱ ወረደ። ከአትላንቲክ እስከ ቀይ ባሕር አንድ ሰማይ ነው የነጠፈው። ስለዚህ «ቱላ»ን ስመለከት ተረት ነው ብዬ አላየውም። አላሳን ለረሃቡ ስታቲስቲክስ አልጠቀሰም። በድርቅ ጊዜ ትልልቆቹ የራሳቸውን ጥፋት ለመሸፈን ማንን እንደሚሰዉ አሳየ።

አሁን ወደ አንድ መራራ ነገር ልምጣ። ይኼን ሁሉ ፊልም ማን አየው?

በዚያን ጊዜ በፈረንሳይኛ ተናጋሪ ምዕራብ አፍሪካ ያሉትን ሲኒማ ቤቶች ፊልም የሚያከፋፍሉት ኮማሲኮና ሴክማ የሚባሉ ሁለት የፈረንሳይ ኩባንያዎች ነበሩ። አዳራሹም ፊልሙም በእጃቸው ነው። የአሜሪካ፣ የፈረንሳይ፣ የህንድ ፊልም በጥቅል በርካሽ ያመጣሉ። ከኒጀር አንድ አጭር ፊልም ገዝተው የሚያሳዩበት ምክንያት አልነበራቸውም። ለአፍሪካውያን ፊልም ገንዘብ የሚሰጠው ደግሞ የፈረንሳይ የትብብር ሚኒስቴር ነው። ፊልሙን ይደግፍና በምላሹ የማሳየት መብት ይወስዳል። ፊልሙ በባህል ማዕከላት ይዞራል። ፓሪስ ይታያል። የተሠራለት ሰው ሰፈር አይደርስም። በ1969 በኦት ቮልታ ዋና ከተማ በዋጋዱጉ የተጀመረው የፊልም ፌስቲቫል፣ ዛሬ ፌስፓኮ የምንለው፣ የተወለደው ከዚህ ጭንቀት ነው። ኒጀር ከመጀመሪያዎቹ ተሳታፊ አገሮች አንዷ ነበረች። በ1972 ዋናውን ሽልማት ለመጀመሪያ ጊዜ የወሰደውም ኒጀራዊው ኡማሩ ጋንዳ ነው። የእኛው የኃይሌ ገሪማ «ጤዛ» በ2009 ያንኑ ሽልማት ሲያገኝ ስንቶቻችን ነን ኒጀር በሩን እንደከፈተች ያስታወስን?

የኒጀር ሲኒማ ወርቃማ ዘመን የሚባለው በ1970ዎቹ መጨረሻ ላይ መደብዘዝ ጀመረ። ጋንዳ በ1981 መጀመሪያ ላይ ሞተ። ገንዘቡ ነጠፈ፤ ሲኒማ ቤቶቹም ተራ በተራ ተዘጉ። አላሳን ግን አላቆመም። በ1977 «ሳምባ ታላቁ»ን በአሻንጉሊት ሠራ፤ የጀግናና የልዕልት አፈ ታሪክ ነው። በኒያሜ ዩኒቨርሲቲ የሲኒማ ክፍሉን ለ15 ዓመት መራ። አስተማሪነቱን ሰው ሲያነሳው አልሰማም፤ 15 ዓመት ግን ትንሽ አይደለም። ካሜራ ይዞ ዓለምን መዞር ይችል ነበር። አገሩ ውስጥ ተቀምጦ ልጆች አስተማረ።

በኋላም ከኒያሜ በስተምሥራቅ ርቃ በምትገኘው በታሁዋ ኖረ። ሲልቪያ ባዞሊና ክርስቲያን ሌሎንግ በ2009 ስለ እሱ የሠሩት ዘጋቢ ፊልም አለ። እዚያ ላይ ሽማግሌ ሆኖ ሲሠራ ታዩታላችሁ። ሽቦ ያጥፋል፣ ይቆርጣል፣ ይገጥማል። የድሮው ሜካኒክ ነው። በዚያ ዕድሜው ደግሞ ኮምፒውተር ይዞ አኒሜሽን ይሠራል። «እኛ በዘመናችን» እያለ አያማርርም። አዲስ መሣሪያ ካገኘ ይሞክረዋል።

ዕውቅናው የመጣው ዘግይቶ ነው። በ2007 ካን ፌስቲቫል ላይ የፈረንሳይ የክብር ሌጅዮን ኒሻን ተሰጠው። ኒውዮርክ የሚገኘው የዘመናዊ ጥበብ ሙዚየም በ2017 ሥራዎቹን ሰብስቦ ሲያሳይ አላሳን ካረፈ ሁለት ዓመት ሆኖት ነበር። ያረፈው ማርች 2015 ዋጋዱጉ ውስጥ ነው። ዛሬ ጥቂቶቹ ፊልሞች በዲጂታል ታድሰው ወጥተዋል። እኛም ዛሬ ማታ ማየት የቻልነው በዚያ ምክንያት ነው። ብዙዎቹ ግን አሁንም በቀላሉ አይገኙም። አንድ ተማሪ ስለ እሱ የመመረቂያ ጽሑፍ ልሥራ ቢል ከጽሑፉ ይልቅ ፊልሞቹን ማግኘት ነው የሚከብደው።

አሁን የምናየው «ኮኮዋ» ነው። በ2001 ያወጣው። ስሙ የትግል ግጥሚያ ማለት ነው፤ ትግል በኒጀር እንደ እኛ እግር ኳስ ሰው የሚያብድለት ስፖርት ነው። ታጋዮቹ እንስሳት ናቸው። ጉርጥ፣ እስስት፣ ወፍ። ሁሉም አሻንጉሊት ናቸው፤ አንድ አንድ ፍሬም እየተነሳ የተንቀሳቀሱ። ከአሥር ደቂቃ በላይ ነው። አሥር ደቂቃ 14,400 ፍሬም መሆኑን አስሉት።

ሦስት ነገር እንድታዩልኝ እፈልጋለሁ። አንደኛ፣ ከመያያዛቸው በፊት ያለውን ዙረት። ታጋዩ ትከሻውን እንዴት እንደሚያወዛውዝ፣ ተቃራኒውን እንዴት እንደሚለካ። አላሳን እውነተኛ ታጋዮችን አጥብቆ ተመልክቷል። ሁለተኛ፣ ውድቀቱን። አሻንጉሊት ክብደት የለውም፤ ክብደት እንዳለው አድርጎ መጣል ከባድ ጥበብ ነው። ጎንበስ ሲል ጉልበቱን፣ መሬት ሲነካ ጀርባውን ተከታተሉ። ሦስተኛ፣ ተመልካቾቹን። ሌላ ሠሪ ቢሆን ሕዝቡን ቆሞ እንዲቀር ያደርገው ነበር፤ ሥራ ይቀንሳልና። አላሳን ሕዝቡንም አንቀሳቅሷል። ለዚያ ስንት ሌሊት እንደፈጀ ከእናንተ መሃል አሻንጉሊት አንቀሳቅሶ የሚያውቅ ይገምታል።

ፊልሙ እንዳለቀ ወደ ጥያቄ እንሄዳለን። በመጀመሪያ የአኒሜሽን ተማሪዎቹን አስቀድማለሁ።